ማርሻሉ የዘለሏቸው ገጾች

መጽሐፉ እጄ የገባው በልውውጥ ነው። አንድ ወዳጄ የፊታውራሪ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያምን «ኦቶባዮግራፊ» ከእኔ ተውሶ ሁለት ክረምት አከረመብኝ። ጠይቄ ጠይቄ ሲሰለቸኝ ተውኩት። እሱ ግን ሐፍረቱ ሳይከብደው አልቀረም፣ አንድ ቀን ሽፋኑ የተገነጠለ የእንግሊዝኛ መጽሐፍ በምትኩ ይዞልኝ መጣ። «ያንተ ፊታውራሪ ፒተርስቡርግ በነበሩበት ጊዜ እኚህኛውም እዚያው ነበሩ፤ ካሣ ይሁንህ» አለኝ። መጽሐፉ የፊንላንዱ ማርሻል የካርል ጉስታፍ ኤሚል ማነርሃይም የሕይወት ማስታወሻ ነበር።

ወዳጄ አልተሳሳተም። ተክለ ሐዋርያት ከዐድዋ ጦርነት በኋላ ገና ልጅ ሳሉ ከሊዮንቲየፍ ጋር ወደ ሩስያ ተወስደው በሴንት ፒተርስቡርግ የመድፈኛ መኮንንነት ትምህርት ተምረዋል። ባሮን ማነርሃይም ደግሞ እስከ 1904 ድረስ በዚያችው ከተማ በእቴጌይቱ የክብር ዘበኛ ፈረሰኛ ጦር ውስጥ መኮንን ነበሩ። (ዓመታቱን ሁሉ የምጽፈው እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ነው።) አንድ ቀን በኔቭስኪ ጎዳና ላይ፣ አንዱ በፈረስ አንዱ በእግር፣ ተላልፈው ይሆናል ብዬ ማሰቡ ደስ ይለኛል። ሁለቱም በሩስያ ጦር ቤት ተገርተው፣ ኋላ ወደ አገራቸው ተመልሰው፣ ከወታደርነት ወደ መንግሥት ሥራ ተሻግረዋል። ተክለ ሐዋርያት የ1931ዱን ሕገ መንግሥት አረቀቁ፣ በ1935 ጄኔቭ ላይ ለአገራቸው ቆመው ተከራከሩ። ማነርሃይም አገራቸውን ሁለት ጊዜ በርእሰ ብሔርነት መሩ።

ሁለቱን መጻሕፍት ጎን ለጎን ላነበበ ግን መመሳሰሉ እዚህ ላይ ያበቃል። በተክለ ሐዋርያት መጽሐፍ ውስጥ ሕፃኑ ልጅ አለ፤ ይፈራል፣ ይናፍቃል፣ ያለቅሳል፤ ሽማግሌው ጸሐፊም በልጁ አያፍሩበትም። በማነርሃይም መጽሐፍ ውስጥ ልጅ የለም። ከመጀመሪያው ገጽ ጀምሮ ጫማው የተወለወለ፣ ወገቡ የታጠቀ መኮንን ነው የሚያናግረን።

አስቀድሜ አንድ ነገር ልናዘዝ። እኔ ያነበብኩት ካውንት ኤሪክ ሌቨንሃውፕት በ1953 አሳጥሮ ወደ እንግሊዝኛ የመለሰውን ነው፤ ዋናው ሁለት ጥራዝ ነው። ስለዚህ ነቀፌታዬን የምሠነዝረው አሳጣሪ መቀስ ሊያመጣው ወይም ሊያጠፋው በማይችለው ነገር ላይ ነው፤ ይኸውም በመጽሐፉ ጠባይ ላይ።

ሰውየውን ለማያውቅ አንባቢ በአጭሩ ላስተዋውቅ። ማነርሃይም በ1867 በደቡብ ምዕራብ ፊንላንድ በሉሂሳሪ፣ በቤተሰባቸው ርስት ላይ በቆመ ትልቅ ግንብ ቤት ውስጥ ተወለዱ። ፊንላንድ ያን ጊዜ በሩስያው ዛር ሥር ነበረች። ቤተሰቡ ስዊድንኛ ተናጋሪ መኳንንት ስለ ነበር፣ ኋላ የፊንላንድ አባት የተባሉት ሰው የአብዛኛውን ሕዝብ ቋንቋ የተማሩት በጉልምስና ነው፤ አጥርተው ተናገሩት የሚልም የለም። አባትየው ካውንት ሀብቱን አባክኖ በ1880 ከሌላ ሴት ጋር ወደ ፓሪስ ኮበለለ። እናቲቱ በዓመቱ ሞተች። ሰባቱ ልጆች በየዘመዱ ተበተኑ። ጉስታፍ ሐሚና ከሚባለው የጦር ትምህርት ቤት በ1886 በዲሲፕሊን ተባረሩና ፒተርስቡርግ ገብተው በፈረሰኛ ትምህርት ቤት ሰው ሆኑ። በ1892 የአንድ ባለጸጋ የሩስያ ጄኔራል ልጅ አገቡ፤ ሁለት ሴቶች ልጆች ወለዱ፤ አሥር ዓመት ያህል ቆይተው ተለያዩ።

ይህን ሁሉ የነገሩኝ ሌሎች ጸሐፊዎች ናቸው። ከማርሻሉ መጽሐፍ ስለ ትዳርና ስለ ልጆች የሚገኘው በጣት ይቆጠራል። የአባትየው መኮብለል፣ የእናት ሞት፣ የቤት መፍረስ፣ ሌላው ጸሐፊ ሙሉ መጽሐፍ የሚያወጣበት ነገር፣ እዚህ እንደ ፈረስ ኮቴ ድምፅ ተሰምቶ ያልፋል።

ለምን? መኳንንት ጓዳቸውን አደባባይ አያወጡም የሚል መልስ ይኖራል። ይህ ለእኛም እንግዳ አይደለም፤ «ገበና» የሚል ቃል ያለን ሕዝብ ነን። ግን መልሱ አልበቃኝም። ማስታወሻው የተሰናዳው ማርሻሉ ከሥልጣን ከወረዱ በኋላ፣ ስዊስ አገር ሞንትሩ አጠገብ በሚገኝ ቫልሞን በሚባል የሕክምና ተቋም ውስጥ ነው። አጠገባቸው ሆነው ያገዟቸው እነ ጄኔራል ኤሪክ ሃይንሪክስና ኮሎኔል አላዳር ፓሶነን የሥራ ባልደረቦቻቸው ነበሩ። ብዙ የግል ወረቀቶቻቸውንም ማርሻሉ አስቀድመው አቃጥለዋል። እንግዲህ የታመመ ሽማግሌ፣ ሁለት የጦር መኮንኖች፣ የተረፈ የመዝገብ ወረቀት። ከዚህ የሚወጣው ሪፖርት ነው። የጎደለው ሪፖርቱን የሚቀበለው የበላይ አለቃ ብቻ ነው። ዛሩ በ1918 ተገድሏል፤ ፎቶግራፉ ግን በማርሻሉ ቤት እስከ መጨረሻው ቆሞ ነበር።

አጎቴ የመቶ አለቃ ነበር። በ1977ቱ የሶማሊያ ጦርነት ምሥራቅ ግንባር ተሰልፏል። እኛ ልጆቹ «እንዴት ነበር?» ስንለው ቀኑን፣ ሰዓቱን፣ ኮረብታው በካርታው ላይ የተሰጠውን ቁጥር ይነግረናል። «ከዚያስ?» «ከዚያማ ቦታውን ያዝን።» አንድ ሌሊት ቤታችን አድሮ በእንቅልፉ የሰው ስም እየጠራ ሲጮህ ሰማሁት። ጠዋት ቁርስ ላይ ያ ሰው ማን እንደ ሆነ ብጠይቀው፣ ትንሽ ዝም ብሎ የሻለቃውን ቁጥር ነገረኝ። የማርሻሉን መጽሐፍ ሳነብ ደጋግሞ የመጣብኝ ይህ ቁርስ ነው።

ሪፖርት ደግሞ የራሱ ውበት እንዳለው መካድ አይገባም። ከመጽሐፉ እኔን የያዘኝ ማርሻሉ ከ1906 እስከ 1908 በፈረስ እስያን ያቋረጡበት ክፍል ነው። ከመካከለኛው እስያ ተነሥተው በካሽጋር በኩል እስከ ፔኪንግ ወደ 14,000 ኪሎ ሜትር ተጉዘዋል። ለዓለም የተነገረው ሳይንሳዊ ጉዞ ነው ተብሎ ነው፤ እውነቱ ግን የሩስያ ጦር ጠቅላይ ሠራተኛ የላካቸው ሰላይ መሆናቸው ነው። ድልድይ ይለካሉ፣ የጦር ሰፈር ይቆጥራሉ፣ ፎቶግራፍ ያነሣሉ። በዉታይ ተራራ ከአሥራ ሦስተኛው ዳላይ ላማ ጋር ተገናኝተው የገዛ ሽጉጣቸውን በስጦታ ሲያበረክቱና አጎራረሱን ሲያሳዩዋቸው፣ አንባቢ ይስቃል፤ ወዲያውም ያዝናል። ያን ጊዜ ሁለቱም ሰዎች የታላላቅ መንግሥታት መጫወቻ ነበሩ። እዚህ ላይ ማርሻሉ ያያሉ። የበረሃ ሽማግሌ፣ የገበያ ሁካታ፣ የደከመ ፈረስ ያያሉ። ሲያዩ ማየት የሚችሉ ሰው መሆናቸውን ልብ በሉልኝ፤ ወደ 1918 ስንመጣ ያስፈልገናል።

በታኅሣሥ 1917 ፊንላንድ ነጻነቷን አወጀች። ሁለት ወር ሳይሞላ የከተማ ሠራተኛውና የገጠሩ ጭሰኛ ቀይ ዘብ አቋቁመው ሄልሲንኪንና ደቡቡን ያዙ። ሴኔቱ ወደ ሰሜን ምዕራብ፣ ወደ ቫሳ ሸሸ፤ የዛሩ ጄኔራል የነበሩት ማነርሃይም የነጮቹ ጦር አዛዥ ሆኑ። በሚያዝያ መጀመሪያ ታምፔሬ ወደቀች፣ በወሩ መጨረሻ ቪቦርግ። በግንቦት 16 ማርሻሉ፣ ያን ጊዜ ጄኔራል፣ በፈረስ ሆነው ድል አድራጊ ጦራቸውን እየመሩ ሄልሲንኪ ገቡ። በዚያች ሦስት ሚሊዮን ያህል ሕዝብ በነበራት አገር በጥቂት ወራት ውስጥ ወደ 38 ሺህ ሰው አለቀ። ከዚህ ውስጥ በጦር ሜዳ የሞተው አነስተኛው ክፍል ነው። ሌላው ጦርነቱ ውስጥና ካበቃ በኋላ እጁ ተይዞ የተረሸነና በረሃብ የሞተ ነው።

ፊንላንዶች ያንን የግድያ ዘመን በሁለት ስም ይጠሩታል፤ ቀይ ሽብርና ነጭ ሽብር። ለኢትዮጵያዊ አንባቢ ይህን ቃል በሰው አገር ታሪክ ውስጥ ማግኘት የቤቱን ቁልፍ በሰው ኪስ ውስጥ እንደ ማግኘት ነው። በቀዮቹ እጅ ወደ 1,600 ያህል ሰው ተገድሏል፤ በነጮቹ ወደ 10 ሺህ የሚጠጋ። ከዚህ ሌላ 80 ሺህ ያህል ቀዮች ተማርከው ታጎሩና በዚያው ዓመት ከ12 ሺህ በላይ የሚሆኑት በረሃብና በበሽታ አለቁ።

ፍትሐዊ እንሁን። ማነርሃይም በግንቦት መጨረሻ የጦሩን አዛዥነት ለቅቀው ከአገር ወጡ፤ በካምፖቹ ውስጥ ሰው የረገፈው በአብዛኛው ከዚያ በኋላ በነበሩት የበጋ ወራት ነው። በዚያ ዓመት ፊንላንድ በሙሉ ተርባ ነበር። ጠበቃቸው የሚሆን ሰው ይህን ሁሉ ማንሣቱ ተገቢ ነው። ነገር ግን እስረኞቹ የተያዙት እርሳቸው አዛዥ ሳሉ ነው። ከጦሩ ጀርባ በመሣሪያ የሚቋቋም ወይም የሚያሰናክል ሁሉ በተገኘበት እንዲረሸን የሚለው የየካቲት 1918 ትእዛዝም የወጣው ከጠቅላይ ሰፈራቸው ነው። ትእዛዙ ገደብ ነበረው ይላሉ የታሪክ ሰዎች፤ በየመንደሩ ጠመንጃ የያዘው ሰው ግን ገደቡን አላነበበም።

መጽሐፉ በዚህ ላይ ምን ያደርጋል? የታምፔሬን ውጊያ በሚገባ ይተርካል። ማን በየት በኩል እንደ ገባ፣ መድፉ የት እንደ ተጠመደ። ቀጥሎ ከሴኔቱ ጋር የተነሣው ጠብ ይመጣል፤ ጀርመኖች የአገሩን ጦር እናደራጅ ማለታቸው፣ ጄኔራሉ እንቢ ብለው መልቀቃቸው። ይህ ለታሪክ ጠቃሚ ነው፣ እውነትም ነው። ሽቦው ውስጥ ያለው ሰው ግን ከመድፉ ያነሰ ቦታ ነው ያገኘው። እንደ አጎቴ «ቦታውን ያዝን» ነው። የእስያን የበረሃ ሽማግሌ ፊት ያዩ ዓይኖች፣ የገዛ አገራቸውን ጭሰኛ ፊት በዚህ መጽሐፍ ውስጥ አያዩም። መቼም ማየት የማይችሉ ቢሆኑ ኖሮ ይቅር ይባሉ ነበር።

ማርሻሉ የዘለሉትን ገጽ የጻፈው ሌላ ሰው ነው። ቫይኖ ሊና ይባላል። በ1920 የተወለደ፣ በታምፔሬ ፊንሌይሰን በሚባለው የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ የሠራ፣ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት በማርሻሉ ጦር ውስጥ በመትረየስ ክፍል የተሰለፈ። በ1954 ስለ ተራው ወታደር የጻፈው ልቦለድ አገሩን አነጋገረ። ከ1959 እስከ 1962 ደግሞ «በሰሜን ኮከብ ሥር» ብለን ልንጠራው የምንችለውን በሦስት ጥራዝ አወጣ። ሁለተኛውን ጥራዝ በእንግሊዝኛ የላከችልኝ ሄልሲንኪ የምትኖር የአክስቴ ልጅ ናት፤ አመስግኛታለሁ።

ነገሩ እንዲህ ነው። ዩሲ የሚባል የቤት አሽከር የቄሱን ደብር ረግረግ መሬት በመቆፈሪያ አቅንቶ እርሻ ያደርገዋል። መሬቱ ግን የእርሱ አይደለም፤ ጭሰኛ ነው። ሌላ ቄስ ሲመጣ ካቀናው ላይ ተቆርሶ ይወሰድበታል። ልጁ አክሴሊ ይህን እያየ ያድግና በ1918 የቀይ ዘብ መሪ ይሆናል። ሁለት ወንድሞቹ ይረሸናሉ፤ እርሱ ካምፕ ይገባል። «ጭሰኛ» የሚለውን ቃል በሌላ ቋንቋ ያነበበ አውሮፓዊ መዝገበ ቃላት ያገላብጣል፤ የእኛ አንባቢ ግን ዩሲን ከነመቆፈሪያው ያውቀዋል። ፊንላንድ ጦርነቱ ባበቃ በዚያው ዓመት፣ በጥቅምት 1918፣ ጭሰኛው ያረሰውን መሬት ዋጆ የራሱ የሚያደርግበትን ሕግ አወጣች። ሰዎቹ የሞቱለት ጥያቄ ሬሳቸው ሳይበሰብስ ተመለሰ። እኛ አገር አዋጁ የወጣው በ1975 ነበር፤ ሽብሩ የመጣው ከአዋጁ በኋላ ነው። ይህን ተገላቢጦሽ ብዙ ጊዜ አስቤበት መልስ አላገኘሁለትም።

ሊና ማርሻሉን አይሰድብም። ነጩን አራጅ፣ ቀዩን መልአክ አያደርግም፤ ቀዮቹ የሚገድሉትንም ይጽፋል። ያደረገው ነገር ቢኖር ሰውየውን ከሪፖርቱ አውጥቶ ስም መስጠቱ ነው። አገሩ መጽሐፉን ሲያነብ አርባ ዓመት ያፈነውን አወጣ፤ ነጮቹ «የነጻነት ጦርነት» ብለው በሰየሙት ጦርነት ላይ የታሪክ ባለሙያዎች እንደ ገና እንዲነጋገሩ ያስገደዳቸው ይህ የፋብሪካ ሠራተኛ ነው። ኋላ ምስሉ በ1993 በወጣው የ20 ማርክ ኖት ላይ ታተመ።

እዚህ ላይ አንባቢ አንድ ነገር ሳይታዘበኝ አይቀርም። ማርሻሉን «አንቱ»፣ ደራሲውን «አንተ» እያልኩ ነው የመጣሁት። አስቤበት አይደለም፤ እስክሪብቶዬ ነው። ባሮን ሲባል እጄ ይታጠፋል፣ የፋብሪካ ሠራተኛ ሲባል ይዘረጋል። አርሜ ልጽፈው አስቤ ነበር፤ ተውኩት። የኮበለለውን ካውንት ግን «አንተ» ማለቴን ሳየው ትንሽ ተጽናናሁ።

ማርሻሉን በዚህ ብቻ ፈርጄ ብተዋቸው ግን በደል ይሆናል። ያ የደረቀ የሪፖርት ጠባይ በመጽሐፉ ላይ ያመጣውን ጉድለት ያህል፣ በአገር ላይ ያመጣው መልካም ነገር አለ። ሪፖርት የለመደ ሰው ራሱን አይሸነግልም። በ1919 ማነርሃይም እንደራሴ ሆነው አገሪቱን ሲመሩ ቆይተው ለፕሬዚዳንትነት በፓርላማ ተወዳደሩ፤ 143 ለ50 በሆነ ድምፅ በስቶልበርግ ተሸነፉ። ጦሩ በእጃቸው ነበር። አሸናፊውን ተቀብለው ቤታቸው ገቡ። አሥራ ሁለት ዓመት ያህል ያለ መንግሥት ሥልጣን ሕፃናትን የሚረዳ ማኅበር እያቋቋሙ፣ አደን እያደኑ ኖሩ። ይህን በወታደር ታሪክ ውስጥ ሳነብ ትንሽ ቆም አልኩ። ለምን እንደ ቆምኩ ለአገሬ አንባቢ አላስረዳም።

በ1939 ሶቭየት ኅብረት መሬት ስትጠይቅ፣ መንግሥቱ አንሰጥም ሲል፣ የተወሰነውን ሰጥተን እንስማማ ያሉት ሽማግሌው ማርሻል ነበሩ። መሣሪያ የለንም አሉ፤ ሰሚ ሲያጡ ልልቀቅ አሉ። ጦርነቱ በኅዳር 30 ሲጀመር ግን በ72 ዓመታቸው አዛዥነቱን ተቀበሉ። በታኅሣሥ የመንግሥታት ማኅበር ሶቭየት ኅብረትን አባረረ፤ ከዚያ በላይ ያደረገው ትርጉም ያለው ነገር የለም። የጄኔቩን አዳራሽ ለምናውቅ ለእኛ ይህ አዲስ ወሬ አይደለም። ፊንላንዶች ሦስት ወር ከግማሽ ተዋጉ። ዓለም ሲያጨበጭብላቸው፣ ጦራቸው ገና ሳይበተን፣ አሁን እንታረቅ ብለው መንግሥቱን የመከሩት ደግሞ እኚያው አዛዥ ናቸው። ከአገሪቱ አንድ አሥረኛው ያህል ሄደ፤ ከ400 ሺህ በላይ ሰው ቤቱን ለቀቀ። መጽሐፉ ይህን የሚተርክበት ቋንቋ እንደ ወትሮው ቀዝቃዛ ነው። እዚህ ግን ቅዝቃዜው ያስከብራል። ጭብጨባ የማያሞቀው ሰው ነው አገር ያተረፈው።

ከ1941 ወዲህ ያለውን ግን እንደዚህ አላከብረውም። ከጀርመን ጎን ሆነው ጦርነቱን ሲቀጥሉ፣ ምሥራቅ ካሬሊያ ነጻ ሳትወጣ ሰይፌን ወደ አፎቱ አልመልስም ያሉበትን የ1918 ቃል እንደ ገና አነሡት። አፎት የናፈቀው ሰይፍ የድሮውን ድንበር አልፎ ሄደ። በተያዘው አገርም እንደ ገና ሽቦ ታጠረ። ከሩስያ ምርኮኞች ከ60 ሺህ በላይ ከሚሆኑት ወደ 19 ሺህ ያህሉ ሞቱ፤ በካሬሊያ ካምፖች የታጎሩ ሲቪሎችም በሺህ የሚቆጠሩ አለቁ። ለሁለተኛ ጊዜ ረሃብ፣ ለሁለተኛ ጊዜ ሽቦ፣ በመጽሐፉም ውስጥ ያው ችኮላ።

በ1944 የሆነው የመጽሐፉ ጫፍ ነው። በሰኔ የሩስያ ጦር ግንባሩን ሰበረ። ጀርመን መሣሪያ ልስጥ፣ ነገር ግን ብቻችሁን እንዳትታረቁ ቃል ግቡ አለች። ፕሬዚዳንት ሪስቶ ሪቲ ጉዳዩን ወደ ፓርላማ ሳይወስዱ በገዛ ስማቸው ብቻ ፈርመው ደብዳቤ ሰጡ። መሣሪያው መጣ፣ ግንባሩ ቆመ። በነሐሴ መጀመሪያ ሪቲ ሥልጣን ለቀቁ፤ ፓርላማው ያለ ምርጫ ማነርሃይምን ፕሬዚዳንት አደረገ። የጀርመኑ ፊልድ ማርሻል ካይትል ቃላችሁን ላጽና ብሎ ሲመጣ፣ አዲሱ ፕሬዚዳንት ያ ቃል የሪቲ እንጂ የእኔ አይደለም አሉት። በመስከረም መጀመሪያ ለሂትለር የጻፉት ደብዳቤ፣ ጀርመን ብትሸነፍም ሕዝቧ ይኖራል፣ አራት ሚሊዮን የማትሞላው ፊንላንድ ግን ከተሸነፈች ልትጠፋ ትችላለች የሚል ሐሳብ ይዟል። ጨዋ ደብዳቤ ነው። ከሁለት ዓመት በፊት፣ 75ኛ ዓመታቸው ሲከበር፣ ሂትለር ራሱ እንኳን አደረሰዎ ሊል መጥቶ ነበር። አሁን ደግሞ ወረቀቱ ላይ «አበቃን» ይባላል፤ ያውም በፈረሰኛ ትምህርት ቤት አማርኛ፣ ማለቴ ጀርባውን ቀጥ አድርጎ በቆመ ሰው አነጋገር።

ብልሃቱ ያስደንቃል። ሒሳቡን የከፈለው ግን ሪቲ ነው። በሶቭየት ግፊት በተሰየመው የጦርነት ኃላፊነት ችሎት አሥር ዓመት ተፈረደበት። ችሎቱ በተጀመረበት ክረምት ማርሻሉ ለጤናቸው ፖርቱጋል ነበሩ። እርሳቸውን የከሰሰ የለም፤ በመጋቢት 1946 በሕመም ምክንያት ሥልጣን ለቀቁ። የሪቲ ደብዳቤ ሲጻፍ መሣሪያውን የሚጠብቁት ጠቅላይ አዛዥ እርሳቸው ነበሩ። እኔ ማርሻሉ መታሰር ነበረባቸው አልልም። ስለ ሌሊቱ ግን አንድ ገጽ እጠብቅ ነበር፤ ሰውየው በስሙ ፈርሞ ሲሄድ እርሳቸው ምን ተሰማቸው? የሻለቃውን ቁጥር ሳይሆን፣ በእንቅልፍ የሚጠራውን ስም።

በእኛ አገር ከ1991 ወዲህ የመኮንኖችና የባለሥልጣኖች ማስታወሻ ገበያውን ሞልቶታል። አብዛኛውን ገዝቼ አንብቤአለሁ፤ ኪሴ ይመስክር። የእኛዎቹ ችግር የማርሻሉ አይደለም። የእኛዎቹ ያወራሉ፣ ያለቅሳሉ፣ ይራገማሉ። በእኛ ማስታወሻዎች ውስጥ ስብሰባ ላይ ዝም ያለ ሰው የለም፤ ሁሉም እጁን አውጥቶ ተቃውሞ ነበር። እንግዲያውስ ያን ሁሉ ውሳኔ ያሳለፈው ማን ነው? ማነርሃይም ቢያንስ ይህን አያደርጉም። ያዘዙትን አዝዣለሁ ይላሉ፤ የዘለሉትን ይዘላሉ። በዝላዩ ላይ ቆመን ምን ያህል ጥልቅ እንደ ሆነ ለማየት የእኛ ፋንታ ነው። የእኛዎቹ ጉድጓዱን በወሬ ስለሞሉት እግራችን የት እንደሚገባ አናውቅም። መራራ ምርጫ ነው፤ ግን ምረጥ ብባል የማርሻሉን ዝምታ እመርጣለሁ፣ አጠገቡ አንድ ሊና እስካለ ድረስ። የእኛ ሊና ማን ነው ለሚለኝ፣ በልቦለዱ በኩል የተጀመረ ነገር አለ፤ ገና ሦስተኛው ጥራዝ አልደረሰም።

በ2004 ፊንላንዶች በቴሌቪዥን ከሁሉ የላቀው ፊንላንዳዊ ማን ነው ተብለው ድምፅ ሲሰጡ፣ አንደኛ ማነርሃይም ወጡ። ሁለተኛ የወጣው ሪስቶ ሪቲ ነው። የአክስቴ ልጅ ይህን ስትነግረኝ የሕዝብ ትዝታ ከመጽሐፉ ይልቅ ሁለቱን ሰዎች አቀራርቦ እንዳስቀመጣቸው ታየኝ።

ከሊና መጽሐፍ ጋር ሁለት ፎቶግራፎችም ልካልኛለች። በአንዱ በሄልሲንኪ መካከል፣ በስማቸው በተጠራው ጎዳና ላይ፣ በ1960 የቆመው ሐውልት አለ፤ ማርሻሉ በፈረስ ላይ ናቸው፣ ሥራቸው ሰው ይመላለሳል። ሁለተኛው ከታምፔሬ ነው። እዚያ ያለው ሐውልት በ1939 ተሠርቶ እስከ 1956 አልቆመም፤ ሲቆምም ከተማው መካከል ሳይሆን ዳር ላይ፣ ጫካ ውስጥ፣ በ1918 ውጊያውን ተመለከቱበት በተባለው ስፍራ ነው። እዚህ ፈረስ የለም፤ በእግራቸው ቆመዋል። በተደጋጋሚ ቀይ ቀለም ተደፍቶበታል፣ እግሩ ሥርም በፊንላንድኛ «አራጅ» የሚል ቃል ተጽፎበታል። ታጥቦ ይጸዳል፤ ቆይቶ ደግሞ ይጻፍበታል።